ትልቅ ጎተራ፣ አንድ ቁና እህል

የእህቴ ልጅ ባለፈው ሰሞን ማጫወቻና ሁለት ስፒከር ተሸክሞ ቤቴ ከች አለ። የወር ደመወዙን እንዳለ አፍስሶበታል። «ጋሼ፣ እስቲ ስማው! ስቱዲዮ ውስጥ የተቀመጥክ ነው የሚመስልህ» አለኝ። የከፈተልኝ ግሪን ዴይ የተባለው የአሜሪካ ባንድ እ.ኤ.አ. በ1994 ያወጣውን «ዱኪ» የተሰኘ አልበም ነው፤ ያውም «ሃይ ሬዞሉሽን» በሚሉት ጥራት።

ሙዚቃው ፖፕ ፓንክ ይባላል፤ የፓንክን ጩኸትና ጥድፊያ አፍ ላይ ከሚቀር ዜማ ጋር ያጋባ ነው። ሦስቱ ልጆች የወጡት ካሊፎርኒያ፣ በርክሌይ ከሚገኝ አንድ ትንሽ መድረክ ነው። ለትልልቅ የሙዚቃ ኩባንያዎች የፈረመ ባንድ እዚያ መጫወት አይፈቀድለትም ነበር። እነሱ ግን ፈረሙ፤ በሮብ ካቫሎ ፕሮዲዩሰርነት ይህን አልበም ሠሩ። የድሮ ወዳጆቻቸው «ከዱን» አሉ፤ አልበሙ ግን አሜሪካ ውስጥ ብቻ ከ10 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ሄደ።

ወደ ጥራቱ እንምጣ። ሲዲ ድምፅን በሰከንድ 44,100 ጊዜ እየለካ እያንዳንዱን ልኬት በ16 ቢት ይመዘግባል። የልጁ ፋይል 96,000 ጊዜ፣ በ24 ቢት ነው። ቁጥሩ ያስጎመጃል። ዳሩ ግን ጤናማ የወጣት ጆሮ የሚሰማው ቢበዛ እስከ 20,000 ኸርዝ ነው፤ ይህን ሲዲውም ይሸፍነዋል። ሃምሳን ለተሻገረ እንደኔ ላለ ጆሮማ ተርፎ ይፈሳል። ተጨማሪው ቢት ደግሞ ከሹክሹክታ እስከ ነጎድጓድ ለሚመላለስ ሙዚቃ ይጠቅም ይሆናል። ጊታሩ አብዛኛውን ጊዜ ለሚያጓራ ፓንክ ግን ትልቅ ጎተራ ሠርቶ አንድ ቁና እህል እንደማስቀመጥ ነው። ግጥምስ በሚያብረቀርቅ ወረቀት ስለታተመ ይሻሻላል እንዴ?

ልጁ ያንኑ ፋይል ወደ ሲዲ ልክ ዝቅ አድርጎ፣ ድምፁን እኩል አድርጎ እያፈራረቀ አሰማኝ። ዓይኔን ጨፍኜ ለየሁ? አልለየሁም። በተራው እሱም አልለየም!

ምንም አልሰማሁም ማለቴ ግን አይደለም። «ሎንግቪው» ላይ የማይክ ደርንት ቤዝ ከከበሮው ጋር ሲንጎማለል ቆይቶ፣ የቢሊ ጆ አርምስትሮንግ ጊታር በሩን በርግዶ ሲገባ፣ ግዴለሽ የሚመስለው ሥራ ምን ያህል ተጠንቅቀው የሠሩት እንደሆነ ገባኝ። ይህ ሲዲውም ላይ አለ። አዲሱ ነገር ሁለታችንም ስልካችንን ሳንነካ 40 ደቂቃ ገደማ መቀመጣችን ነው።

«ባስኬት ኬዝ» ሲደርስ ልጁ ዝም አለ። አርምስትሮንግ ይህን የጻፈው ከራሱ የጭንቀት ሕመም ተነስቶ ነው፤ በሚያስጨፍር ዜማ የተሸሸገ ፍርሃት። ዘፈኑ አልቆ ሌላው ሲጀምር፣ «ጋሼ፣ እኔንም እኮ ሌሊት ሌሊት እንዲህ ያደርገኛል» አለኝ።

ሙዚቃውን ዘጋሁት። እስከ እኩለ ሌሊት ስናወራ አመሸን። የወር ደመወዝህን በከንቱ ነው ያፈሰስከው ልለው አስቤ ነበር፤ ተውኩት።