የኤምቪን ክሬሞና ቴምብሮች፦ ፍርስራሹና ወርቁ

ኤምቪን ክሬሞናን አብዛኛው የማልታ ሰው የሚያውቀው ቀና ብሎ ነው፤ በአብያተ ክርስቲያናት ጣሪያና ግድግዳ ላይ በሣላቸው ቅዱሳን። የዘመናዊ ሥዕል ወዳጆች ደግሞ በ1960ዎቹ መጨረሻ በወፍራም ቀለም ላይ የተሰባበረ መስታወት እየተከለ በሠራቸው ሥዕሎች ያነሱታል (ዘመናቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ቴምብሮቹን ከእነዚህ በኋላ፣ ለተጨማሪ ያህል ጠቅሶ ማለፍ ይቀናል። እኔ ግን ከቴምብሮቹ መጀመር አለብን እላለሁ። ከ1957 ጀምሮ ለማልታ ፖስታ የነደፋቸው ቴምብሮች፣ ያቺ ደሴት ከጦርነት ፍርስራሽ ወጥታ ራሷን የቻለች አገር እስክትሆን ስለ ራሷ ምን ስትናገር እንደነበር ያሳያሉ። የሠዓሊውም ብርታትና ድክመት እንደዚያ ጎልቶ የሚታይበት ሌላ ሥራ የለውም።

ክሬሞና በ1919 በቫሌታ ተወለደ። በማልታ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ከሠዓሊው ኤድዋርድ ካሩዋና ዲንግሊ ሥር ተማረ፤ ከዚያ ሮም፣ ከጦርነቱ በኋላ ለንደን በሚገኘው ስሌድ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም ፓሪስ። የእኛው አፈወርቅ ተክሌም በስሌድ ማለፉን የሚያስታውስ አንባቢ ሁለቱን ጎን ለጎን ማሰቡ አይቀርም። ሁለቱም ቤተ ክርስቲያንን በሥዕል አገልግለዋል፤ ሁለቱም ቴምብር ነድፈዋል፤ ሁለቱም የአገር ሠዓሊ የመባልን ክብርና ሸክም አብረው ተሸክመዋል። የአገር ሠዓሊ የሆነን ሰው ቤተ መንግሥትም ቤተ ክህነትም ይፈልጉታል። ሥራ አያጣም። የሚቸግረው፣ ሥራ ሰጪው ከሚፈልገው ቃል ውስጥ የራሱን ድምፅ ለይቶ ማሰማቱ ነው። ክሬሞና በቬኒስ ቢየናሌ፣ በታወቀው ዓለም አቀፍ የሥነ ጥበብ ዐውደ ርእይ፣ በ1958 ማልታን ከወከሉት ሠዓሊዎች አንዱ ሆኖ ከዘመኑ አዳዲስ ሥራዎች ጋር ሲቆም፣ በዚያው ዓመት የመንግሥትን ቴምብር ይነድፍ ነበር።

የመጀመሪያዎቹ የጆርጅ መስቀል መታሰቢያዎች ናቸው። ማልታ በሲሲሊና በሰሜን አፍሪካ መካከል የተቀመጠች የእንግሊዝ የባሕር ኃይል ሰፈር ስለነበረች፣ ከጁን 1940 አንሥቶ የጣሊያን፣ ኋላም የጀርመን አውሮፕላኖች ደበደቧት። ሕዝቡ የኖራ ድንጋዩን ፈልፍሎ መጠለያ ሠራ፤ ስንቅ የጫኑ መርከቦች እየሰመጡ ረሀብ ገባ። ኤፕሪል 15 ቀን 1942 ንጉሥ ጆርጅ ስድስተኛ በስማቸው የሚጠራውን የጀግንነት መስቀል ለደሴቲቱ በሙሉ ሸለሙ። ክሬሞና ይህን መታሰቢያ በ1957፣ በ1958 እና በ1959 ነደፈው፤ በየዓመቱ ሦስት ቴምብር፣ የአንድ ፔኒ ተኩል፣ የሦስት ፔንስና የአንድ ሺሊንግ።

ዘጠኙ በተርታ ሲታዩ ነው ነገሩ የሚገባው። የ1957ቱ እያንዳንዳቸው በአንድ ቀለም ብቻ የታተሙ ናቸው፦ የማልታን የጦርነት ተጋድሎ የሚወክል ምልክት፣ በሌሊት ሰማይ ጠላት የሚፈልጉ የመብራት ጨረሮች፣ የፈራረሱ ሕንፃዎች። ሕትመቱ ፎቶግራቪር ነው፤ በሲሊንደሩ ላይ የተቆፈሩት ጥቃቅን ጉድጓዶች ሲጠልቁ ቀለሙ ይደምቃል፣ ሲያጥሩ ይሳሳል። አንድ ቀለም ብቻ ያለው ነዳፊ በዚህ መንገድ ከድቅድቅ ጨለማ እስከ ብርሃን ያለውን ሁሉ ማውጣት ይችላል፤ ለሌሊት ድብደባ ከዚህ የተሻለ መሣሪያ አይገኝም። በ1958 ጥቁር ተጨመረና ሰው መጣ፦ ቤቱ የፈረሰበት ቤተሰብ፣ በታላቁ ወደብ ላይ የተከፈተ የባሕር ጥቃት፣ የመብራት ጨረሩን የሚያዞሩ ወታደሮች። በ1959 የድብደባው ሰለባዎች ራሳቸው ቀረቡ፤ ከእነርሱም ጋር ወርቃማ ቀለም ገባ።

ከዘጠኙ የምመርጠው ቤቱ የፈረሰበትን ቤተሰብ ነው። በወቅቱ የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ቴምብር ማለት የንግሥቲቱ መልክ፣ ወደቡ፣ ሐውልቱ፣ ምሽጉ ማለት ነበር። ክሬሞና በዚያች በምታክል ወረቀት ላይ መጠለያ ያጣ ቤተሰብ አስቀመጠ፤ ያውም ከሦስቱ በዋጋ ዝቅተኛ በሆነው ላይ። የተሸለመው መስቀል ማንን እንዳስከፈለ የሚናገር ሥዕል ነው፤ ጀግንነት የሚባለው ነገር እዚህ ፉከራ የለበትም። የመንግሥት ማኅተም ያለበት ወረቀት ሐዘንን እንዲህ ሳያሳምር ሲይዝ እምብዛም አይታይም።

የወርቁ መግባት ግን ቆም ያደርገኛል። ለቤተ ክርስቲያን ሠዓሊ ወርቅ የቅድስና ቀለም ነው፤ በ1959 በሙታን አጠገብ ሲያደርገው ሙታኑን እንደ ሰማዕታት እየቆጠረ ነበር፤ ያ ትክክለኛ ቦታው ነው። ከዚያ በኋላ ወርቁ አልወጣም። ብረታማ ቀለም የክሬሞና ቴምብሮች መለያ ሆኖ ቀረ፤ የሚገባውንም የማይገባውንም እኩል ማስጌጥ ጀመረ።

ነፃነት ሴፕቴምበር 21 ቀን 1964 ሲታወጅ የወጡት ስድስት ቴምብሮች ይህን ያሳያሉ። ንድፎቹ ሦስት ናቸው፤ በሁሉም ርግብ አለች፤ በአንደኛው ከእንግሊዝ ዘውድ ጋር፣ በሁለተኛው ከሮማው ጳጳስ አክሊል ጋር፣ በሦስተኛው ከተባበሩት መንግሥታት ዓርማ ጋር። እንደ ንድፍ የጠሩ፣ ሚዛናቸውን የጠበቁ፣ ለዓይን የሚያርፉ ናቸው። የሚነሣብኝ ጥያቄ ግን ከውበቱ ያልፋል፦ በነፃነት ቀን ርግቢቱ ካረፈችባቸው ከሦስቱ ቦታዎች የማልታ ሕዝብ የቱ ጋ ነው? የጳጳሱ አክሊል ደግሞ በዚያ ዓመት ቀላል ምልክት አልነበረም። ሊቀ ጳጳስ ሚካኤል ጎንዚ ከ1961 ጀምሮ በዶም ሚንቶፍ ይመራ የነበረውን የሌበር ፓርቲ አመራር አውግዘው ነበር፤ የፓርቲውን ጋዜጣ ማንበብ ከባድ ኃጢአት ተባለ፤ ባልተባረከ መሬት የተቀበሩም ነበሩ። ውግዘቱ እስከ 1969 ቆየ። ስለዚህ በነፃነት ቴምብር ላይ የጳጳሱን አክሊል የተመለከተ የሌበር ሰው፣ ርግቢቱ ለእርሱም መሆኗን ሊጠራጠር ይችላል። ክሬሞና የሚያምንበትን ሣለ፤ በእምነቱ አልነቅፈውም። የምነቅፈው፣ ከስድስት ዓመት በፊት ቤት አልባውን ቤተሰብ ያየው ዓይን በዚህ ቀን ባለሥልጣናቱን ብቻ ማየቱን ነው።

በጃንዋሪ 1965 የወጣው የመደበኛ ቴምብሮች ስብስብ ከሁሉ ሥራዎቹ በሐሳቡ ትልቁ ነው። የማልታን ታሪክ ከታች ወደ ላይ በዋጋ ደረጃ ደረደረው፦ በግማሽ ፔኒው የአዲሱ ድንጋይ ዘመን፣ ቀጥሎ ፑኒኮች፣ ሮማውያን፣ የመጀመሪያዎቹ ክርስቲያኖች፣ ዐረቦች፣ የሲሲሊ ኖርማኖች፣ የቅዱስ ዮሐንስ ባላባቶች፣ ፈረንሳዮች፣ እንግሊዞች፤ እያለ ወደ ነፃነት ይወጣል። ደብዳቤ የላከ ሁሉ ሳያስበው አንድ ዘመን ይልሳል። እንዲህ ያለውን የታሪክ መጽሐፍ ለእያንዳንዱ ቤት በነፃ ማደል የቻለ ሌላ የማልታ ሠዓሊ አላውቅም፤ ለሐሳቡ ከልቤ አደንቀዋለሁ።

ሆኖም የመጽሐፉ ምዕራፎች የተከፈሉት በገዢዎች ነው። አንዱ ይመጣል፣ ሌላው ይሄዳል፤ ድንጋዩን የጠረበው፣ መርከቡን የቀዘፈው፣ መሬቱን ያረሰው ለብቻው ምዕራፍ የለውም። ከከፍተኛ ዋጋዎቹ በአንዱ ላይ ደግሞ በማልታ የነበረው የኔቶ የሜዲትራኒያን ዕዝ ገብቷል፤ ከአዲሱ ድንጋይ ዘመን ቤተ መቅደሶች ጋር በአንድ ተርታ! የኔቶ ዕዝ በ1971 ከደሴቲቱ ወጣ፤ የመጨረሻው የእንግሊዝ ጦር በ1979 ሄደ። ቤተ መቅደሶቹ ግን ዛሬም አሉ። የጊዜውን ሹመኛ ከዘላለማዊው ጋር እኩል ያስጌጠ ነዳፊ፣ ጊዜው ሲያልፍ ሥራው ላይ ጠባሳ ይቀርበታል።

የተሰበረው መስታወት ትርጉም የሚሰጠኝ እዚህ ላይ ነው። ቴምብር ጠርዙ ከተበጣ፣ ቀለሙ ከፈሰሰ ዋጋ የለውም፤ ንጽሕና ግዴታው ነው። ለዓመታት በዚያ ንጽሕና የሠራ እጅ በ1960ዎቹ መጨረሻ ስለታማ ስብርባሪ ወደ ሥዕሉ አስገባ። ብርሃኑን ወርቅ አያመጣውም፤ የተሰበረው ጠርዝ ራሱ ያመጣዋል። ሰዎች እነዚህን ሥራዎች ከውጭ የመጣ የረቂቅ ሥዕል ተጽዕኖ አድርገው ሊያዩ ይችላሉ፤ ሊሆንም ይችላል። እኔ ግን ከ1957ቱ የፈራረሱ ሕንፃዎች ቀጥሎ ነው የማስቀምጣቸው። በመካከል በወርቅ ተሸፍኖ የነበረው ጉዳይ በቴምብር ላይ ቦታ ቢያጣ በሸራው ላይ ተመልሶ መጣ።

ለፍትሕ ያህል፣ ቴምብር ላይም ነፃነቱን ያገኘበት አንድ መስመር አለ፤ የገና ቴምብሮቹ። በ1967 ሦስቱ ቴምብሮች አራት ማእዘን መሆናቸው ቀርቶ ጎናቸው ተዛብቶ ተቆረጡ፤ ጎን ለጎን ሲቆሙ ሦስት ክንፍ ያለው የመሠዊያ ሥዕል ይሆናሉ። በ1968 ደግሞ አምስት ጎን ያላቸው መጡ። ለማተሚያ ቤቱ ቀዳዳ የሚበሳው መሣሪያ ብቻ እንኳ ስንት ጣጣ እንዳመጣ መገመት አይከብድም። ለእኔ ግን የቤተ ክርስቲያኑ ሠዓሊና የፖስታው ነዳፊ በእውነት አንድ ሰው የሆኑት በእነዚህ ላይ ነው። የመሠዊያው ሥዕል ተቀንሶ ወደ ቴምብር አልገባም፤ ወረቀቱ ራሱ መሠዊያ እንዲሆን ቅርጹን ለወጠ። ክሬሞና በ1987 እስኪሞት ድረስ ብዙ ሠርቷል፤ የጆርጅ መስቀሎቹን ዘጠኝና የ1967ቱን ሦስት ግን ከሌላው ሁሉ አስቀድማለሁ።