ከዋናው ባለታሪክ ጎን የቆሙ ተዋንያን

ስለ አንድ ፊልም በተነጋገርን ቁጥር የምናወሳው አዘጋጁንና ዋናውን ባለታሪክ ነው። ከጎናቸው ቆሞ የታሪኩን ሸክም የሚሸከመው ደጋፊ ተዋናይ እምብዛም አይታወስም። ይህ ጉድለት በተለይ የጎንደር ተወላጅ የሆነውን የኃይሌ ገሪማን ሥራዎች ስንመዝን ጎልቶ ይታያል።

ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለደ፤ አባቱ ገሪማ ታፈረ ጸሐፌ ተውኔት ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1976 ለሕዝብ በቀረበው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በተሰኘው ጥቁርና ነጭ ፊልሙ ያሰለፋቸው በትወና ሙያ ያልሠለጠኑ ሰዎችን ነው። ከእነዚህ አንዱ አቶ ገብሩ ካሣ ናቸው። የሚጫወቱት መሬቱን ተነጥቆ አገሬው እንደ እብድ የሚቆጥረውን ከበበን ነው። የከበበ ንግግር አንዳንድ ጊዜ ከገጸ ባሕርዩ አፍ ይልቅ ከደራሲው ብዕር የወጣ ይመስላል። ተዋናዩ ግን ለቃሉ ሥጋና ደም ያለብሱታል። በመጨረሻ ከበበ ባላባቱን በዱላ ደብድቦ ሲገድል፣ ተመልካቹ ድርጊቱን በእብደት አያሳብብም፤ ለዘመናት የተጠራቀመ ግፍ የወለደው መሆኑን ይረዳል።

ከ32 ዓመት በኋላ የወጣው «ጤዛ» እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ የዳኞችን ልዩ ሽልማት፣ በ2009 ደግሞ በዋጋዱጉው ፌስፓኮ ታላቁን ሽልማት አግኝቷል። በጀርመን አገር የተማረው አንበርብር አካሉም ሕሊናውም ቆስሎ ጣና ዳር ወዳለው መንደሩ ሲመለስ የሚቀበሉት እናቱ ናቸው። እኒህን እናት የሚጫወቱት ወይዘሮ ታከለች በየነ ናቸው። የምሁሩ ቅዠትና ትዝታ እየተደራረበ ፊልሙን በሚያጨናንቅበት ጊዜ፣ እናቲቱ ሲገቡ ትዕይንቱ ይሰክናል። ልጃቸውን ጸበል ያስጠምቃሉ፤ መንደርተኛው ያገለላትን አዛኑን በቤታቸው ያስጠጋሉ። ምሁሩ በንድፈ ሐሳብ ሲፈልገው የኖረውን ሰብአዊነት እናቱ በጓዳቸው ይኖሩታል። ይህን ያለ ስብከት ማሳየት የተዋናይዋ ድል ነው።

ሁለቱም ተዋንያን የሚያስተምሩን አንድ ቁም ነገር አለ። ደጋፊ ገጸ ባሕርይ ለዋናው ማድመቂያ ተብሎ የሚጨመር ጌጥ አይደለም፤ የፊልሙ ሐሳብ እውነት መሆኑ የሚፈተንበት ሚዛን ነው። ስለዚህ የቲያትር መምህራንና የባህል ሠራተኞች በየፊልሙ መጨረሻ የሚያልፈውን የስም ዝርዝር ቆም ብለው ሊያነቡት ይገባል። የእነዚህን ሰዎች ሥራ መዝግበን ለተማሪ ካላስተላለፍን፣ ፊልሙ ተጠብቆ የተዋናዩ ጥበብ ይጠፋል።