ደጅ ጠኚ የሌለው አስማት

«ኃይሉ ከየት ይመጣል?» የሚለው ጥያቄ ሰልችቶኛል። ምናባዊ ልቦለድ ጽፈው የሚያሳዩኝ ወጣቶች ሁሉ ከዚህ ይጀምራሉ። ሰሞኑን የመጣው ደግሞ ባሰበት። ገና አንድ ምዕራፍ ሳይጽፍ የፈጠረውን ዓለም አስማት በሠንጠረዥ አሰናድቷል፤ በማዕረግ ከፋፍሎታል፤ እያንዳንዱ ድግምት ምን ያህል ጉልበት እንደሚጨርስ በቁጥር አስቀምጧል። «ጋሼ፣ በእርስዎ ልቦለድ ያሉት ጥላ ሰፊዎች ግን ሕጋቸው ምንድን ነው?» አለኝ። ሠንጠረዡን ከላይ እስከ ታች አየሁና «ይህን ሁሉ አስማት የሚያሠራው ማነው?» ብዬ መለስኩለት። «አስማተኛው ነዋ!» አለ። የሚሠራውን አልጠየቅሁትም፤ የሚያሠራውን ነው።

ልጁ ከየት እንደተማረው አውቃለሁ። አሜሪካዊው ደራሲ ብራንደን ሳንደርሰን እ.ኤ.አ. በ2007 ባወጣው ጽሑፍ፣ ደራሲ ችግርን በአስማት አሳምሮ መፍታት የሚችለው አንባቢው አስማቱን በተረዳው ልክ ነው ብሎ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2006 በታተመው «ሚስትቦርን» ውስጥ በተግባር አሳይቶታል። ሰዎቹ ማዕድን ውጠው በሆዳቸው ያነዱታል፤ ቆርቆሮ የዋጠ ዐይኑና ጆሮው ይሰላል፣ ሌላው ማዕድን ሌላ ኃይል ይሰጣል፤ የዋጡት ሲያልቅ ኃይሉም ያልቃል። ከእሱ ብዙ ዓመት ቀድሞ ጃክ ቫንስ፣ እ.ኤ.አ. በ1950 በወጣው «ዘ ዳይንግ ኧርዝ»፣ አስማተኞቹ ድግምቱን በቃላቸው አጥንተው፣ አንዴ ከተጠቀሙበት በኋላ ከአእምሯቸው እንዲጠፋ አደረገ። «ዳንጀንስ ኤንድ ድራገንስ» የተባለው ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ1974 ሲወጣም ይህንኑ ሐሳብ ይዞ ወጣ። ብልሃታቸውን አልክድም። ጠቤ ከእነሱ ተምረናል ከሚሉት ጋር ነው። እነዚህ ወጣቶች የአስማቱን ወጪ ሲያሰሉ የሚያዩት የአስማተኛውን ጓዳ ብቻ ነው፤ የእሱ ጉልበት፣ የእሱ ማዕድን፣ የእሱ ማስታወስና መርሳት። ደጁ ላይ የተቀመጠ ሰው በሠንጠረዣቸው የለም።

እኛ ዘንድ እኮ ነገሩ እንዲህ አልነበረም። ክታብ የምታስጽፍ ሴት ወደ ደብተራው የምትሄደው አስማት ለማየት አይደለም። ልጅ ወልዳ ቀብራለች፤ በሁለተኛው እንዳይደገም ጸሎተ ሱስንዮስ እንዲጻፍላት ትፈልጋለች፤ ሕፃናት ገዳይዋን ወርዝልያን የሚያርቅላት እሱ ነው። ብራናው ከእሷ ቁመት ጋር እንዲስተካከል ይለካል፤ አንዱ ቁራጭ ካልበቃ ሌላ ይቀጠልበታል። የክርስትና ስሟ በየጸሎቱ ይገባል። ቀዩ ቀለም ለቅዱሳን ስሞችና ለመግቢያው፣ ጥቁሩ ለሌላው። ከዚያ ተጠቅልሎ በቆዳ ይሰፋና አንገቷ ላይ ይውላል። የቤተ ክርስቲያን መምህራን እንዲህ ያለውን ሲያወግዙ ኖረዋል፤ እዚያ ክርክር ውስጥ አልገባም። እኔን የሚገርመኝ ሌላ ነው። የአስማቱ ርዝመት የጠያቂዋ ቁመት ነው፤ የጸሐፊው ማዕረግ የትም አይገባበትም።

ሴት አያቴ ቆዳው በላብ የጠቆረ ክታብ ነበራት። በልጅነቴ ስነካው እጄን ትመታኝ ነበር። ካረፈች በኋላ የቤቱ ሰው ይከፈት አይከፈት እያለ ሲከራከር ሰንብቶ አንድ ግዕዝ የሚያነቡ አጎቴ ከፈቱት። ስሟ ያለበት ቦታ ሁሉ ሻካራ ነበር፤ ቀድሞ የነበረው ስም በቢላ ተፍቆ የእሷ በላዩ ተጽፎበታል። ይህ ብርቅ ነገር አይደለም፤ ከአገር ወጥተው በውጭ ሙዚየሞች በተቀመጡ ብዙ ክታቦች ላይም ስም ተፍቆ ሌላ ስም ይታያል። ክታቡ ይወረሳል፣ ይሸጣል፣ አዲሷ ባለቤት ስሟን ታስገባለች። ብራናው ግን የተቆረጠው በመጀመሪያዋ ቁመት ነው። አያቴ አጭር ነበረች፤ ክታቧን ዘርግተን ስናየው ከእሷ በክንድ ያህል ይረዝም ነበር። ያቺ ረጅም ሴት ማን ነበረች? ልጇስ ዳነላት? አጎቴ «ሥራ ፈት!» ብለውኝ ጠቀለሉት።

ጥላ ሰፊዎቼን ስፈጥር ሐሳቤ እዚያ ብራና ላይ ነበር። ጥላ ወጊ የሚባል እንዳለ ከልጅነቴ ሰምቻለሁ፤ የሚወጋ ካለ የሚሰፋም መኖር አለበት ብዬ ተነሳሁ። በእኔ ዓለም ጥላው የተቀደደበት ሰው ድምፁ አይሰማም፤ ገበያ ቢቆም ማንም አያየውም። ለማሰፋት ክሩን ይዞ የሚመጣው እሱ ራሱ ነው፤ ክሩም ከሚወደው ሰው ልብስ የተመዘዘ መሆን አለበት። ሰጪው ሰው ልብሱ እንደሚሳሳ አውቆ ፈቅዶ መስጠት አለበት። የሚያሰፋው ሰው ጠዋት ጥላው ረጅም ሳለ ይቆማል፤ ፀሐይ ከፍ እያለች ጥላው እያጠረ ሲሄድ ስፌቱ ይጠብቃል። ከተንቀሳቀሰ ይጣመማል። አዲስ አበባ ላይ ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ በሚያዝያ መጀመሪያና በነሐሴ መጨረሻ ግድም፣ እኩለ ቀን ላይ ልክ አናት ላይ ትውላለች፤ የቆመ ሰው ጥላ እግሩ ሥር ይገባል። ይህንን ወስጄ ጥላ ሰፊዎቹ ሱቅ የሚዘጉበት ቀን አደረግሁት። ያን ቀን ከሩቅ አገር የመጣው ሰው ክሩን ይዞ ደጅ ያድራል። ልጁ የጠየቀኝ «ሕግ» ይህ ነው። ጥላ ሰፊው ምን ያህል ይደክመዋል? ይድከመው አይድከመው ግድ የለኝም፤ የእጅ ሥራ ነው፣ ሲመሽ እጁን ታጥቦ ራቱን ይበላል።

ለዚህ ነው ደራሲዋን ኡርሱላ ለ ግዊንን ከሁሉም አስበልጬ የማያት። እ.ኤ.አ. በ1968 ባሳተመችው የኧርዝሲ መጽሐፍ ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ እውነተኛ ስሞች ነው፤ የነገርን ስም ያወቀ ያዘዋል ስለሚለው። እኔ የምመለስበት ግን ወጣቱ ጠንቋይ ጌድ ተቀጣሪ የሆነበት ክፍል ነው። ደሴተኞቹ ዘንዶ ስላስፈራቸው ጠንቋይ ይፈልጋሉ፤ ይላክላቸዋል፤ ጀልባቸውን ሲጠብቅ፣ በሽተኛቸውን ሲያይ ይውላል። የጀልባ ሠሪው ወዳጁ ልጅ ታሞ ሲጠራው እስከ ሙታን ድንበር ድረስ ተከትሎት ይሄዳል፤ ልጁ ግን አልተመለሰም። ያን ገጽ ሳነብ የሚታየኝ በሩ ላይ የቆመው አባት ነው። ሠንጠረዥ የሚሠሩት ልጆች ይህን ገጽ ዘለው ወደ ዘንዶው ይሮጣሉ።

ይህን ያህል የምሟገተው ለልቦለድ ብቻ ብዬ አይደለም። አባቴ ጡረታውን ለማስከበር በአንድ መሥሪያ ቤት ደጅ ሲጠና ፋይሉን ተሸክሜ የምከተለው እኔ ነበርኩ። ፊርማ የሚባል ነገር ከበሩ ወዲያ አለ፤ እንዴት እንደሚሠራ ማንም አይነግረንም፤ ዛሬ ይሠራል፣ ነገ አይሠራም። አባቴ አንድም ቀን «የፊርማው ኃይል ከየት ይመጣል?» ብሎ አልጠየቀም። ይጠይቅ የነበረው «ጌታዬ፣ ዛሬ አሉ?» ብቻ ነው። ኮሪደሩ ላይ የተቀመጠው ሰው ሁሉ የሌላውን ጉዳይ ያውቀዋል፤ ማን ስንት ጊዜ እንደተመለሰ፣ ለማን ሽሮ ተቋጥሮለት እንደመጣ፣ የማን ልጅ ሥራ እንደፈታ። ከበሩ ወዲያ ያለው ሰውዬ ከዚህ አንዱንም አያውቅም። አባቴ በሕይወት ሳለ ስለዚያ ኮሪደር አንድ መስመር መጻፍ አቅቶኝ ነበር፤ ስጀምረው አቤቱታ ይሆንብኛል። ጥላ የሚሰፋበት ከተማ ከፈጠርኩ በኋላ ግን አባቴን የጥላ ሰፊው ደጅ ላይ አስቀመጥኩትና ያለምንም ቁጣ ጻፍኩት። ፋይሉን ወደ ክር ለወጥኩለት፤ ትሕትናውን እንዳለ ተውኩለት።

አሁን በሦስተኛው መጽሐፍ ላይ ነኝ። በዚህኛው አንድም ጥላ ሰፊ አይታይም፤ መርፌው ሲወጣና ሲገባ ብቻ ከመጋረጃ ጀርባ ይሰማል፤ የቀረው ደጁ ላይ የተሰለፈው ሰው ነው። አርታኢዬ «አስማተኛ የሌለበት የአስማት መጽሐፍ ማን ይገዛል?» ትለኛለች፤ ቢያንስ አንድ ምዕራፍ መጋረጃውን እንድገልጥ ትለምነኛለች። አልገልጠውም። ካልፈለጉት ሌላ አሳታሚ እፈልጋለሁ።