ኦልጋ የተባለች ኦሪጋ፦ በጃፓን ፊልም ላይ የሩሲያ ድምፅ

ለሥራ ከምንጎበኛቸው ቤቶች በአንደኛው ያየነውን እናስቀድም። የ16 ዓመት ልጅ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጦ አንድ ዘፈን እየደጋገመ ይሰማል። አባትየው «ይኸ ደግሞ የየት አገር ቋንቋ ነው?» ብለው ጠየቁት። ልጁም «ጃፓንኛ ነው አባ፤ የጃፓን ፊልም መክፈቻ ነው» ሲል መለሰ። ቡና ሊጠጡ ብቅ ያሉት ጎረቤት ከሩሲያ የመጡ እናት ናቸው። ጥቂት አዳመጡና በዕብራይስጥ «ጃፓንኛ አይደለም፤ የኛ ቋንቋ ነው» አሉ። ልጁ ሳቀ። ፊልሙ የጃፓን፣ ሙዚቃውም የጃፓን ሆኖ ዘፈኑ እንዴት ሩሲያኛ ይሆናል? ጎረቤቲቱ ግን ቃሉን አንድ በአንድ ወደ ዕብራይስጥ መለሱለት።

እውነቱም እንዳሉት ነበር። ዘፈኑ «ኢነር ዩኒቨርስ» ይባላል፤ ውስጣዊው ዓለም እንደ ማለት ነው። ዘፋኟም ኦሪጋ ትባላለች። ስለ እርሷ ሥራ ልንጽፍ የተነሣነው ለሁለት ምክንያት ነው። አንደኛ፣ ጃፓኖች «አኒሜ» የሚሉት በሥዕል የሚሠራ ፊልም ዛሬ ልጆቻችን ቤት ውስጥ ገብቷል፤ ወላጅም ልጁ የሚሰማውን ማወቅ ይገባዋል። ሁለተኛ፣ ይህች ሴት በሰው አገር፣ በሰው ፊልም ላይ፣ በእናቷ ቋንቋ መዝፈኗ ሊመረመር የሚገባው ነገር ነው።

ኦሪጋ ትክክለኛ ስሟ ኦልጋ ያኮቭሌቫ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1970 በሳይቤሪያ፣ በኖቮሲቢርስክ አውራጃ ተወለደች። ሙዚቃ ከተማረች በኋላ በ1991 ወደ ጃፓን ሄደች። ያ ዓመት የሶቪየት ኅብረት የፈረሰበት፣ ለእኛም የሰለሞን ዘመቻ የተካሄደበት ዓመት ነው። በጃፓን የመጀመሪያ አልበሟን በ1994 አወጣች። ጃፓኖች «ል» እና «ር»ን ለይተው ስለማይናገሩ ኦልጋ የሚለው ስም በአፋቸው «ኦሪጋ» ይሆናል። እርሷም ይህንኑ አጠራር የመድረክ ስሟ አደረገችው። በመካከላችን ስማቸው በሌላ ሰው እጅ የተለወጠባቸው ብዙዎች አሉና ልዩነቱን ልብ እንበል፤ እርሷ ለመድረክ ስሟን ለቀቀችላቸው፣ ቋንቋዋን ግን አልለቀቀችም።

አሁን ወደ ፊልሙ እንመለስ። በ2002 የወጣው ተከታታይ ፊልም «ጎስት ኢን ዘ ሼል፣ ስታንድ አሎን ኮምፕሌክስ» ይባላል። «ጎስት ኢን ዘ ሼል» ማለት በቅርፊት ውስጥ ያለ መንፈስ እንደ ማለት ነው። ታሪኩ ማሳሙኔ ሺሮ ከ1989 ጀምሮ ካሳተመው የሥዕል መጽሐፍ የመጣ ነው። ዋናዋ ባለታሪክ ሞቶኮ ኩሳናጊ በልዩ የፖሊስ ክፍል የምታገለግል ሴት ናት። ሰውነቷ በሙሉ በፋብሪካ የተሠራ ነው፤ የራሷ ሆኖ የቀራት አእምሮዋና መንፈሷ ብቻ ነው። በመሆኑም ታሪኩ በሙሉ በአንድ ጥያቄ ዙሪያ ይዞራል፤ ይኸውም ሁሉ ነገሬ ከተለወጠ በኋላ እኔ ነኝ የምለው ምኑ ነው? የሚል ነው። ፊልሙ ተኩስና ደም ስላለበት ለትንንሽ ልጆች የሚሆን አይደለም። ለጎረምሶች ግን ጥያቄው ከባድና ጠቃሚ ነው ብለን እናምናለን።

የሙዚቃው ደራሲ ዮኮ ካኖ የምትባል ጃፓናዊት ናት። ለዚህ ታሪክ መክፈቻ ጃፓንኛ ሳይሆን ሩሲያኛ መረጠች። ሩሲያኛውን ግጥም ኦሪጋ ራሷ ጻፈች፤ የእንግሊዝኛውን ክፍል ደግሞ ሻንቲ ስናይደር ጻፈች። ከበታች የኤሌክትሪክ ከበሮው እየተጣደፈ ይመታል፤ ከላይ የኦሪጋ ድምፅ ምንም ሳይጣደፍ ቀጥንና ከፍ ብሎ ይሄዳል። ከበሮው እንደ መኪና ሞተር ነው፤ ድምፁ የሰው ነው። ከቅርፊቱ ውስጥ የቀረው መንፈስ ምን እንደሚመስል ፊልሙ ብዙ ንግግር ያወጣበታል፤ ዘፈኑ ግን በአንድ ደቂቃ ተኩል ውስጥ ያሰማናል።

በዚሁ ታሪክ ላይ በ1995 የተሠራ ሌላ ፊልም አለ። የዚያኛውን ሙዚቃ የደረሰው ኬንጂ ካዋይ ሲሆን፣ ዘማሪዎቹን ያዘመራቸው በጥንታዊ ጃፓንኛ ነበር። ጥንታዊው ጃፓንኛ ለዛሬው ጃፓናዊ፣ ግዕዝ ለአማርኛ ተናጋሪ እንደሚሆነው ያለ ነው፤ ጆሮ ያውቀዋል፣ ልብ ግን ሁሉን አይረዳውም። ሁለቱም ደራሲዎች ተመልካቹ የማይረዳውን ቋንቋ መምረጣቸው አጋጣሚ አይመስለንም። ካዋይ ወደ ኋላ፣ ወደ አያቶች ሄደ፤ ካኖ ደግሞ ወደ ውጭ፣ ወደ ባዕድ ሄደች።

እዚህ ላይ አንድ ነቀፌታ አለን። የውጭ ሰውን ድምፅ እንዲህ መጠቀም አንዳንድ ጊዜ ቅመም የመጨመር ያህል ብቻ ይሆናል። ወጡ ይጣፍጣል፤ የዘፋኟን ቃል ግን የሚያዳምጥ የለም። ከጃፓን ተመልካቾች አብዛኛው ሩሲያኛ አይሰማም። ኦሪጋ በማይክሮፎኑ ፊት ማንኛውንም ነገር ብትል፣ ትርጉም የሌለው ድምፅ ብታወጣም እንኳ፣ «አጥፍተሻል» የሚላት ጥቂት ነበር። ምናልባት ክፍያውም ያው ይሆን ነበር።

ነገር ግን እንዲህ አላደረገችም። ስለ መላእክትና ስለ አጋንንት፣ ደስታን ስለማወቅና ስላለማወቅ የሚናገር፣ ሩሲያኛ የሚያውቅ ሰው ቁጭ ብሎ ሊያስብበት የሚችል ግጥም ጻፈች። የሥራዋ ዋና ነገር በእኛ ግምት ይህ ነው። ማንም በማይመረምራት ቦታ ላይ በሐቅ ሠራች። ዓመታት አልፈው በሌላ አገር፣ በሌላ ሰው ቤት፣ ቡና ሊጠጡ የመጡ እናት ዘፈኑን ሲመረምሩት ግጥሙ ሙሉ ሆኖ ተገኘ።

ለማነጻጸር ያህል ሌላዋን ዘፋኝ እናንሳ። ዳያና ጋርኔት አሜሪካዊት ስትሆን ወደ ጃፓን የሄደችው እንግሊዝኛ ለማስተማር ነበር። የውጭ አገር ሰዎች በጃፓንኛ በሚወዳደሩበት የቴሌቪዥን የዘፈን ውድድር አሸነፈች። በ2013 ዘፋኝ ሆና ቀረበች፤ በዚያው ዓመት ልጆቻችን በደንብ በሚያውቁት «ናሩቶ ሺፑደን» መጨረሻ ላይ የሚሰማውን «ስፒኒንግ ወርልድ» የተባለ ዘፈን ዘፈነች። ጃፓንኛዋ የጠራ ነው፤ ዓይኑን ጨፍኖ የሚሰማት ሰው የውጭ አገር ሰው ናት ብሎ አይጠረጥርም። ይህ ትልቅ ድካም የጠየቀ ነገር ነውና እናከብረዋለን። ቋንቋ መማር ምን ያህል እንደሚከብድ ኡልፓን የገባ ሁሉ ያውቀዋል። ሆኖም እንዲህ ያለው ሥራ የሚያኮራውን ያህል ዘፋኟን ይሸፍናታል፤ ጥሩ መዝፈኗን እንሰማለን፣ ከየት እንደመጣች ግን ድምፅዋ አይነግረንም።

ኦሪጋም ብትሆን ጃፓንኛ አልተወችም። በ2004 «ፋንታስቲክ ቺልድረን» ለተባለው ተከታታይ ፊልም የመጨረሻውን ዘፈን በጃፓንኛ ዘፍናለች። ዝግ ያለ፣ ያማረ ዘፈን ነው። ነገር ግን በውስጡ እንደ እንግዳ ተጠንቅቃ የምትራመድ ይመስለናል። በዚያው ዓመት ለጎስት ኢን ዘ ሼል ሁለተኛ ክፍል «ራይዝ» የተባለውን በሩሲያኛና በእንግሊዝኛ ስትዘፍን ደግሞ በገዛ ቤቷ እንዳለች ሰው ናት። ስለዚህ አንዱን ቋንቋ ለማወቅ ሌላውን መጣል ግድ አይደለም፤ አንዲት ሴት በአንድ ዓመት ሁለቱንም ሠርታዋለች። ከሁለቱ የሚበልጠው የቱ ነው ብንባል ግን ያለማመንታት «ራይዝ»ን እንመርጣለን።

ኦሪጋ በሳንባ ካንሰር ታማ በጥር 17 ቀን 2015 እ.ኤ.አ. በ44 ዓመቷ አረፈች። በጃፓን ሥራ ከጀመረች ከሃያ ዓመት በላይ ሆኗት ነበር። በራሷ አልበሞች ላይ ብዙ የለፋች ብትሆንም፣ በዓለም ዙሪያ ብዙ ወጣቶች የሚያውቋት በነዚያ የፊልም መክፈቻዎች ነው። ይህ ያሳዝናል፤ ነገር ግን ከመክፈቻው ጀምሮ ወደ ሌላው ሥራዋ የሚሄድ ሰው አያፍርም።

ወላጆች ልጆቻችሁ የማታውቁትን ዘፈን ሲሰሙ ብታገኙ «ዝጋው» ከማለታችሁ በፊት አንድ ጊዜ አብራችሁ አዳምጡ፤ የማን ድምፅ ነው፣ በምን ቋንቋ ነው፣ ምን ይላል? ብላችሁ ጠይቁ። ልጁ መልሱን የማያውቅ ከሆነ ፈልጎ ይምጣ። እናንተም በተራችሁ በቋንቋችሁ የምታውቁትን አሰሙት። «አይገባውም» ብላችሁ ቃሉን አታጉድሉ፤ ሙሉውን ንገሩት። ዛሬ ባይገባው ነገ የሚያስረዳው ሰው ያገኛል።

የጀመርነውን ልጅ በሚቀጥለው ጉብኝታችን አገኘነው። ጎረቤቲቱ የግጥሙን ቃላት በዕብራይስጥ ፊደል ጽፈው ሰጥተውት ከኮምፒውተሩ በላይ ግድግዳው ላይ ለጥፎታል። አባትየውም «አሁን ምን እንደሚል ነገረኝ» አሉን።