የጭልጋው ባለቀንድ

ከቡሬ ወደ ፍኖተ ሰላም ስሄድ፣ ሚኒባስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠ ተማሪ ደብተሩ ላይ ዳይኖሰር ሲስል አየሁ። "ይሄ የት ነበር?" አልኩት። "አሜሪካ!" አለ፤ ከፊልም ነው ያወቀው። "የእኛስ አገር?" ስለው "ሉሲ አለች" አለኝ።

አልፈረድኩበትም። ማን ነገረው? እዚሁ ክልላችን፣ ከጣና በስተሰሜን ምዕራብ፣ ጭልጋ ላይ የ27 ሚሊዮን ዓመት ቅሪተ አካል ተገኝቷል፤ አፍንጫው ላይ ሁለት ግዙፍ ቀንድ ያበቀለው አርሲኖይቴሪየም፣ ከዝሆን ቅድመ አያቶች ጋር። በ1996 ዓ.ም. "ኔቸር" መጽሔት ለዓለም አወራው። ለጎጃሙ ልጅ ግን ያወራለት የለም፤ ጥፋቱም የእኛ፣ የምንጽፈውና የምናስተምረው ነው። ነገ ወንዝ ዳር እንግዳ አጥንት ቢያገኝ፣ ድንጋይ መስሎት ከብት ይመልስበታል። ያልነገርነውን ቅርስ እንዴት ይጠብቅልን?