«ጹኪሂሜ»፡ የጸጸት መዳበርና የንግር መቋረጥ

አንድ ደራሲ የቀድሞ ሥራውን ዳግም ሲጽፍ ሐያስያን አብዛኛውን ጊዜ የሚጠይቁት ምን እንደ ተጨመረና ምን እንደ ተቀነሰ ነው። የጃፓናዊው የኪኖኮ ናሱ «ጹኪሂሜ» ግን ሌላም ጥያቄ ያስነሣል፤ ለሌላ ጊዜ የተላለፈው ክፍል በወጣው ላይ ምን ጉዳት ያደርሳል?

ሥራው ሥዕላዊ ልቦለድ ነው። በማያ ላይ በሥዕልና በሙዚቃ ታጅቦ ይነበባል፤ አንባቢው በየመታጠፊያው በሚያደርገው ምርጫም ትልሙ ይለያያል። ናሱና ሠዓሊው ታካሺ ታኬኡቺ በ2000 እ.ኤ.አ. መጨረሻ ሲያወጡት አምስት የታሪክ መንገዶች ነበሩት። በ2021 የወጣው አዲሱ ግን የአርክዌድንና የሲዬልን መንገዶች ብቻ ይዟል፤ በእንግሊዝኛም በ2024 የቀረበው ይኸው ነው። የቀድሞውን ያነበብሁት በአድናቂዎች የእንግሊዝኛ ትርጉም በመሆኑ፣ አስተያየቴ በትልሙና በገጸ ባሕርያቱ ላይ እንጂ በጃፓንኛው ቋንቋ ላይ አይደለም።

ዋናው ገጸ ባሕርይና ተራኪው ሺኪ ቶኖ በማንኛውም ነገር ላይ የሞት መስመሮች ይታዩታል፤ በመስመሩ የቆረጠው ሁሉ ይሞታል። በእኔ አስተያየት ግን የአዲሱ ጽሕፈት ትልቁ ስኬት በሺኪ ሳይሆን በሲዬል ላይ የታየው ነው። ሲዬል ሮአ የተባለ፣ ከሰው ወደ ሰው እየተሸጋገረ የሚኖር ፍጡር ሰውነቷን በያዘበት ዘመን የትውልድ ስፍራዋን ሕዝብ ፈጅታለች። በቀድሞው ጽሕፈት ይህ በደል በአብዛኛው በትዝታ የሚነገር ነው፤ ጸጸቷም ከራሷ ጋር የምታደርገው ሙግት ሆኖ ይቀራል። በአዲሱ ናሱ ኖኤል የምትባል ሴት ፈጥሯል፤ ከዚያ እልቂት የተረፈች፣ ዛሬ ደግሞ የሲዬል የሥራ ረዳት። ገዳይና ተራፊ በአንድ ተልእኮ ጎን ለጎን ይሄዳሉ። በትረካ ብቻ ይነገር የነበረው ጸጸት ባለደም ሆኖ ፊት ለፊት ይቆማል፤ ይቅርታ መለመን እንኳ ለተራፊዋ ሌላ ስድብ ሊሆን እንደሚችል አንባቢው ያያል። የኖኤልን ፍጻሜ ላላነበቡት አልናገርም።

ገጸ ባሕርያቱ አሁን ድምፅ አላቸው፤ ሥዕሉም እጅግ በዝቷል። (እኔ በበኩሌ ድምፁን አጥፍቼ ያነበብኋቸው ክፍሎች ብዙ ናቸው።)

ከቶኖ ቤት ስንደርስ ነገሩ ይለወጣል። ኮሃኩ የቤቱ አገልጋይ ናት፤ ምግብ ታበስላለች፣ መድኃኒት ትሰጣለች፣ ሁልጊዜ ፈገግ ትላለች። በቀድሞው ጽሕፈት የቤቱን ጉድ የሚገልጹት መንገዶች ኋላ ይከፈታሉ፤ በልጅነቷ በዚያ ቤት የተፈጸመባትን ግፍ የተረዳ አንባቢ ያንን ፈገግታ ወደ ኋላ ተመልሶ በሌላ ዐይን ያነበዋል። ሥነ ጽሑፋዊ ንግር ማለት ይህ ነበር። በ2021ዱ ክፍል ፈገግታው እንዳለ ሲሆን ፍቺው የለም። በሁለት ክፍል ማውጣት የአሳታሚ መብት ነው ይባል ይሆናል፤ ልክ ነው፤ ነገር ግን የተቆረጠው የታሪኩ ጅራት ሳይሆን መሠረቱ ነው። የቀድሞው በእንግሊዝኛ በይፋ ስላልታተመ፣ በዚያ ቋንቋ በአዲሱ ብቻ የሚጀምር ተማሪ ኮሃኩን የሚያውቃት ሻይ ይዛ እንደምትገባ አንዲት ትሑት አገልጋይ ነው።