ነጋዴው መልእክተኛና የሠላሳ አምስት ሚሊዮኑ ጥያቄ

በየዓመቱ የግንቦት ወር አጋማሽ ሲደርስ በቅርያት ማላኺ፣ በገደራና በያቭኔ የምንኖር የቤተ እስራኤል ልጆች በየትምህርት ቤቱና በየአዳራሹ ተሰብስበን የዘመቻ ሰለሞንን መታሰቢያ እናከብራለን። የሚሰማው ንግግር አብዛኛውን ጊዜ አንድ ዓይነት ነው። አውሮፕላኖቹ መጡ፤ ወንበሮቻቸው ተነቅለው ነበር፤ በሠላሳ ስድስት ሰዓት ያህል ውስጥ ከ14,300 በላይ ሰው ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል ገባ። ቀጥሎ የባለ ሥልጣናትና የመልእክተኞች ስም ይጠራል፤ ይጨበጨባል፤ ዳቦው ተባርኮ ይቆረሳል።

ከእነዚህ ስብሰባዎች በአንደኛው ላይ የአሥራ ሁለት ዓመት ገደማ የሚሆነው አንድ ልጅ እጁን አነሣና «ለአያቴ ስንት ተከፈለላት?» ብሎ ጠየቀ። ለኢትዮጵያ መንግሥት 35 ሚሊዮን ዶላር መከፈሉን ከትምህርት ቤት በተሰጠው ወረቀት ላይ አንብቦ፣ ገንዘቡን ለሰዉ ቁጥር አካፍሎ ነበር። ለአንድ ነፍስ 2,450 ዶላር ገደማ ይደርሳል። ሒሳቡ ትክክል ነው። አዳራሹ ዝም አለ። አንድ ሽማግሌ «እኛ ዕቃ ነን ወይ?» ብለው ተቆጡ፤ አስተማሪዋም ወደሚቀጥለው መርሐ ግብር አለፈች። እኔም በዚያ ቀን መልስ አልነበረኝም። ይህ ጽሑፍ ያን ጊዜ ያልተሰጠውን መልስ ለመፈለግ የተጻፈ ነው። መንገዱም ከነዚያ መልእክተኞች የአንዱን ሥራና ሥራው የተተረከበትን አኳኋን መመርመር ነው። (በጽሑፉ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሰውየው ሩዲ ቦሽዊትዝ ይባላሉ። በ1930 በርሊን ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለዱ። ሂትለር በ1933 ሥልጣን ሲይዝ ቤተሰቡ ጀርመንን ለቅቆ ወጣ፤ በ1935 ዩናይትድ ስቴትስ ደረሰ። ልጁ በኒውዮርክ ሕግ ተምረው ጥቂት ከሠሩ በኋላ ወደ ንግድ ገቡና በ1963 በሚኒሶታ ጣውላና የቤት መሥሪያ ዕቃ የሚሸጥ ኩባንያ አቋቋሙ። በማስታወቂያቸው ላይ ራሳቸው ባለመስመር ሸሚዝ ለብሰው በቴሌቪዥን እየቀረቡ ዕቃቸውን ስለሚያስተዋውቁ፣ የክፍለ ግዛቱ ሕዝብ ፖለቲከኛ ከመሆናቸው በፊት በነጋዴነታቸው ያውቃቸው ነበር። በ1978 ለአሜሪካ ሴኔት ተመረጡ። እስከ 1991 መጀመሪያ ድረስ አገልግለው በ1990ው ምርጫ በፖል ዌልስቶን ተሸነፉ። ከዚያ በኋላ ነው ፕሬዚዳንት ጆርጅ ቡሽ ልዩ መልእክተኛቸው አድርገው ወደ አዲስ አበባ የላኳቸው። ብዙ ዓመት ቆይቶም በ2005 በጄኔቭ ለተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብት ኮሚሽን የአሜሪካ አምባሳደር ሆኑ።

ከነጋዴነት ወደ አምባሳደርነት የሄደ ሰው ታሪክ ብዙ ጊዜ እንደ ጥሩ ምሳሌ ብቻ ይነገራል። እኛ ግን በዚህ ሰው ሥራ ውስጥ የገባን ወገኖች ስለሆንን መልካሙንም ጉድለቱንም ልንናገር ይገባል።

በመጀመሪያ መልካሙን እንይ። በኢትዮጵያና በእስራኤል መካከል በ1973 ተቋርጦ የነበረው ግንኙነት በ1989 መጨረሻ ታደሰ። በ1990 ሕዝባችን ከጎንደር ክፍለ ሀገር ተነሥቶ በብዙ ሺህ እየሆነ ወደ አዲስ አበባ ጎረፈ። መውጫ ፈቃዱ ግን በጥቂት በጥቂቱ ነበር የሚሰጠው። የደርግ መንግሥት ከሶቪየት ኅብረት ያገኘው የነበረው እርዳታ ደርቆበት መሣሪያ ይፈልግ ነበር፤ የእኛንም መውጣት የመደራደሪያ ዕቃ አድርጎ ያዘው። አማፅያኑ ወደ ዋና ከተማው እየቀረቡ ሲመጡ፣ በኤምባሲው ግቢ የሚጠባበቀው ሕዝብ በሁለት እሳት መካከል ቀረ።

ቦሽዊትዝ በአፕሪል 1991 መጨረሻ አዲስ አበባ ሲገቡ የያዙት ገንዘብም መሣሪያም አልነበረም። የያዙት የፕሬዚዳንት ቡሽን ደብዳቤ ነው። ሮበርት ፍሬዠርና ኧርቪን ሂክስ የተባሉ የአሜሪካ መንግሥት ሰዎችም አብረዋቸው ነበሩ። በእኔ አስተያየት የነጋዴው ሙያ የጠቀመው እዚህ ላይ ነው። ገበያ የሚያውቅ ሰው ሌላው ወገን የጠየቀውን ሁሉ አይሰጥም፤ ሌላው ወገን የሚያስፈልገውንና እርሱ ሊሰጥ የሚችለውን ያስተያያል። ደርግ መሣሪያ ጠየቀ፤ አሜሪካ መሣሪያ አልሰጠችም። ሆኖም ደርግ ከጦርነቱ የሚወጣበት በር ያስፈልገው ነበር፤ አሜሪካም የሰላም ንግግር ለማዘጋጀት ትችል ነበር። አይሁዶቹ ይውጡ፣ አሜሪካም ተፋላሚዎቹን ለማገናኘት ትረዳለች የሚለው ሐሳብ በዚህ መንገድ ቀረበ። የለንደኑ ስብሰባ ለሜይ 27 ተቆረጠ።

የገንዘቡ ድርድር ሌላ መስመር ነበረው። እርሱን የያዙት በእስራኤል በኩል ኡሪ ሉብራኒ፣ በኢትዮጵያ በኩል ደግሞ በእስራኤል የተማሩት አቶ ካሳ ከበደ ነበሩ። መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ሜይ 21 አገር ጥለው ወጡ። ፕሬዚዳንት ቡሽ ለተተኪው ለጄኔራል ተስፋዬ ገብረ ኪዳን መልእክት ላኩ። የአሜሪካ አይሁድ ድርጅቶች ያዋጡት 35 ሚሊዮን ዶላር በኒውዮርክ ባንክ ገባ። አርብ ሜይ 24 አውሮፕላኖቹ መመላለስ ጀመሩ፤ ነፍስ ለማዳን ሲባል በሰንበትም ቀጥለው ቅዳሜ ጨረሱ። ሜይ 28 ኢሕአዴግ አዲስ አበባ ገባ፤ ገንዘቡም ደርግ ሳይበላው ቀረ። «ገንዘብ ካለ በሰማይ መንገድ አለ» የሚለው ተረታችን በዚያ ሰንበት ቃል በቃል ተፈጸመ።

አሁን ወደ ነቀፌታው ልሂድ። በዚህ ጉዳይ ላይ የተጻፉት ታዋቂ መጻሕፍት በአብዛኛው እንግሊዝኛ ናቸው። በዚያ ጊዜ በአዲስ አበባ የእስራኤል አምባሳደር የነበሩት አሸር ናኢም በ2003 ባወጡት መጽሐፍ ርእስ ላይ «የጠፋው ነገድ» ብለውናል። እኛ ለራሳችን ጠፍተን አናውቅም። አምቦበርም ወለቃም የት እንዳሉ እናውቅ ነበር፤ ኢየሩሳሌም ወዴት እንደሆነችም ፊታችንን አዙረን ስንሰግድ እናውቅ ነበር። ስቲቨን ስፔክተር በ2005 ያሳተሙት ስለ ዘመቻ ሰለሞን የሚናገር መጽሐፍ ድርድሩን ደረጃ በደረጃ የዘረዘረ፣ ተመራማሪዎች ሊያነቡት የሚገባ ሥራ ነው። ሆኖም ድርድር የመጽሐፍ አከርካሪ ሲሆን ተደራዳሪዎቹ ሰዎች፣ የተደራደሩባቸው ደግሞ ቁጥር ሆነው ይቀራሉ። ልጁ ያካፈለው ይህን ቁጥር ነው። ጥፋቱ የልጁ አይደለም፤ የሰጠነው ወረቀት ላይ ከዚያ ሌላ ነገር አልነበረም።

እንግዲህ ተሸጥን ወይ? በልጅነቴ ቄሶቻችን ኦሪትን ሲያስተምሩኝ ስለ ዋጋ ሁለት ነገር ተምሬአለሁ። ዮሴፍ በሃያ ብር ተሸጠ፤ የገዙትም ጌታ ሆኑበት። በሌላ ቦታ ደግሞ እያንዳንዱ እስራኤላዊ ስለ ነፍሱ ቤዛ ግማሽ ሰቅል እንዲሰጥ ታዘዘ፤ ባለጠጋው እንዳይጨምር፣ ድሀው እንዳያጎድል። የመጀመሪያው ሽያጭ ነው፤ ሁለተኛው ቤዛ ነው። ልዩነቱ ከተከፈለ በኋላ ሰውየው የማን ይሆናል በሚለው ላይ ነው። በ1991 የተከፈለው ገንዘብ በሩን ለያዘው የበር መክፈቻ ነበር። ከአውሮፕላኑ ስንወርድ በእኛ ላይ የገዥነት መብት ያገኘ ሰው አልነበረም።

ደግሞም እኛ ብቻ አይደለንም። ከ1961 እስከ 1964 ከሞሮኮ የወጡት አይሁዶች በነፍስ ወከፍ ለሞሮኮ መንግሥት ገንዘብ ተከፍሎላቸዋል። የሩማንያው ቻውሼስኩም ለሚለቃቸው አይሁዶች በየራሳቸው ይቀበል ነበር። በቅርያት ማላኺና በያቭኔ ጎረቤቶቻችን ከሆኑት ከሰሜን አፍሪካ የመጡ ቤተሰቦች መካከል «አያትህ ስንት ነበር ዋጋው?» ተብሎ የሚጠየቅ ልጅ አላጋጠመኝም። ቅርያት ማላኺ ራስዋ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ስትቆረቆር የሎስ አንጀለስ አይሁዶች ስለ ረዱ በዚያች በመላእክት ከተማ ስም ተሰይማለች። ስሟ የለጋሽ ስም ነው፤ በዚህም የሚያፍር የለም። ታዲያ ገንዘብ በእኛ ታሪክ ላይ ብቻ ለምን ይጎላል? ስለ ጎረቤቶቻችን ከገንዘቡ ሌላ ብዙ ነገር ስለ ተጻፈ፣ ስለ እኛ ግን ገና ጥቂት ስለ ተጻፈ ይመስለኛል።

በቦሽዊትዝ ታሪክም ውስጥ የሚዘለል አንድ ምዕራፍ አለ። በ1990ው ምርጫ መጨረሻ ላይ በደጋፊዎቻቸው ስም ለአይሁድ መራጮች ደብዳቤ ተልኮ ነበር። ደብዳቤው፣ እርሱም አይሁዳዊ የሆነውን ተቀናቃኛቸውን ዌልስቶንን፣ ልጆቹን በአይሁድነት አላሳደገም ብሎ ነቀፈ። ሕዝቡ ደብዳቤውን አልወደደውም፤ ለመሸነፋቸውም አንዱ ምክንያት እንደ ሆነ በሰፊው ይነገራል። ጥቂት ወራት ቆይቶ እኚሁ ሰው የአይሁድነታቸው ነገር በረቢዎች ሲመረመርና ሲጠየቅ ለኖረ ሕዝብ ለመማለድ አዲስ አበባ ገቡ። ይህን የምጽፈው ውለታቸውን ለማሳነስ አይደለም። ሌላውን ሰው «አንተ በቂ አይሁዳዊ አይደለህም» የሚል አነጋገር የት እንደሚያደርስ ከእኛ በላይ የሚያውቅ ስለሌለ ነው። በዚያ ሰንበት በሺዎች የሚቆጠሩ የፈላሽ ሙራ ወገኖቻችን ከአውሮፕላኑ በር ተመልሰዋል፤ ከእነርሱም የአንዳንዱ ወንድም ወይም እናት ዛሬ በገደራ ትኖራለች። በመታሰቢያው ንግግር ውስጥ ይህ አይነሣም።

በያቭኔ የምንኖር ሰዎች ስለ መልእክተኛ ስንናገር ራባን ዮሐናን ቤን ዛካይን መርሳት አይገባንም። ይህን ታሪክ በኢትዮጵያ ሳለን አናውቀውም ነበር፤ እዚህ መጥተን ነው የተማርነው። ኢየሩሳሌም ተከብባ ሳለች በሬሣ ሣጥን ተሸፍነው ወጥተው በሮማው የጦር አዛዥ ፊት ቆሙ፤ ያቭኔንና ጠቢባኗን እንዲተውላቸው ለመኑ። ኢየሩሳሌምን ለምን አልጠየቁም ብለው የነቀፏቸው ጠቢባን ነበሩ፤ ነቀፌታውም ከታሪኩ ጋር አብሮ ተጽፎ ኖረ። አባቶች የታላቅ ሰው ሥራ ሲመረመር ክብሩ ይቀንሳል ብለው አልፈሩም። እኛም የ1991ን ተደራዳሪዎች በዚህ ዓይን ብናያቸው ይበጃል። ያገኙትን አግኝተዋል፤ ያላገኙትም አለ።

ለነጋዴ ውሉ የሚያልቀው ዕቃው ሲደርስ ነው። ፕሬዚዳንት ቡሽ ለቦሽዊትዝ በ1991 ሜዳሊያ ሲሰጡ ሥራው ተፈጸመ። ለእኛ ግን ያን ቀን ጀመረ። በጃንዋሪ 2012 በቅርያት ማላኺ አደባባይ የወጣነው፣ የአንዳንድ ሕንፃዎች ባለቤቶች ለኢትዮጵያውያን ቤት እንዳይሸጡና እንዳያከራዩ ተስማሙ የሚል ወሬ በቴሌቪዥን ስለ ተሰማ ነው። ከሃያ ዓመት በፊት ለመውጣታችን 35 ሚሊዮን ዶላር የተዋጣልን ሰዎች፣ በራሳችን ገንዘብ ቤት መግዛት ጥያቄ ሆነብን። በዚያው ዓመት በጎንደር በአምቦበር የተወለዱት በላይነሽ ዘባድያ የእስራኤል አምባሳደር ሆነው ወደ አዲስ አበባ ተሾሙ። ለመውጣት ፈቃድ ይለምን ከነበረው ሕዝብ የተወለደች ልጅ ቪዛ የሚሰጠውን ኤምባሲ መራች። በአንድ ዓመት ውስጥ የሆኑት እነዚህ ሁለት ነገሮች ከዘመቻው ታሪክ ጋር አብረው ሊነገሩ ይገባል።

ለዚያ ልጅ ዛሬ ቢሆን እንዲህ እመልስለታለሁ። ልጄ፣ ሒሳብህ ትክክል ነው፤ ነገር ግን መዝገቡ ጎዶሎ ነው። የነጋዴው መልእክተኛ ደብዳቤ በውስጡ ይጻፍ፤ የአሜሪካ አይሁዶች መዋጮም ይጻፍ፤ ምስጋናቸውም አይቅር። ከዚያ በኋላ አያትህ በሬዋን በእርካሽ ሸጣ ከመንደርዋ መውጣትዋን ጻፍበት። በ1990 ክረምት በአዲስ አበባ ኪራይ ቤት በበሽታ የተቀበሩትን ሕፃናት ጻፍ። ከዚያ በፊት በሱዳን መንገድ የቀሩትን 4,000 ያህል ነፍሳት ጻፍ። በቆርቆሮ ጥላ ሥር ልጆችን ዕብራይስጥ ያስተማሩትን መምህራንና ሕዝቡ እንዳይበተን የያዙትን ቄሶች ጻፍ። ይህ ሁሉ ሲደመር አካፍለህ የምታገኘው ቁጥር አይኖርም።

በገደራ በሻፒራ ሰፈር በአትክልቱ ቦታ ጠዋት ጠዋት የሚገናኙት ሽማግሌዎች፣ በያቭኔና በቅርያት ማላኺ በጸሎት ቤት ደጃፍ የሚቀመጡት እናቶች የዚህ መዝገብ ሌላው ገጽ ናቸው። ከአሥር ዓመት በፊት ልጠይቃቸው አስቤ ካዘገየኋቸው መካከል ዛሬ ብዙዎቹ የሉም። ወላጆች፣ አስተማሪዎችና ተመራማሪዎች ሁላችሁም ከሚቀጥለው መታሰቢያ በፊት ቢያንስ አንድ ሰው ጠይቃችሁ፣ ስሙን፣ መንደሩንና ከግቢው የጠበቀባቸውን ወራት ጽፋችሁ እንድትይዙ በአክብሮት እለምናለሁ።